ካርዲናሉ ለሉተራኑ ንጉሥ ለምን ገንዘብ ከፈለ?

ጥያቄ፦ የሠላሳ ዓመቱ ጦርነት (እ.ኤ.አ. 1618–1648) ካቶሊኮችና ፕሮቴስታንቶች የተዋጉበት የሃይማኖት ጦርነት እንደሆነ ተምረናል። ታዲያ ካቶሊካዊቷ ፈረንሳይ፣ ያውም በካርዲናል እየተመራች፣ ከፕሮቴስታንቶች ጋር የወገነችው ስለ ምንድን ነው?
አንድ አንባቢ፣ ከባሕር ዳር

መልስ፦ የተማሩት ስሕተት አይደለም፤ ነገር ግን ሙሉ አይደለም። ጦርነቱ የተለኮሰው በእርግጥም በሃይማኖት ጠብ ነበር። በ1618 የቦሄሚያ (የዛሬዋ ቼክ) ፕሮቴስታንት መኳንንት የአምልኮ መብታችን ተጣሰ ብለው የካቶሊካዊ ንጉሣቸውን ሁለት እንደራሴዎችና አንድ ጸሐፊ በፕራግ ቤተ መንግሥት መስኮት ወረወሯቸው። ሦስቱም ተረፉ፤ ካቶሊኮች እመቤታችን ደግፋቸው ነው ሲሉ፣ ፕሮቴስታንቶች የቆሻሻ ክምር ላይ ወድቀው ነው ብለው ተሳለቁ።

የፈረንሳዩን ካርዲናል ሪሼሊዮን ያስጨነቀው ግን ሌላ ነገር ነበር። ካቶሊካዊው የሐብስበርግ ሥርወ መንግሥት ስፔንን፣ የጀርመንን ንጉሠ ነገሥትነት፣ ሚላኖንና የዛሬዋን ቤልጂየም ይዞ ፈረንሳይን ከየአቅጣጫው ከብቧት ነበር። ስለዚህ በ1628 የፈረንሳይ ፕሮቴስታንቶች ምሽግ የነበረችውን ላ ሮሼልን ከአንድ ዓመት በላይ ከብቦ በረኃብ ያንበረከከው ይኸው ሰው፣ በ1631 ከስዊድኑ ሉተራን ንጉሥ ከጉስታቭ አዶልፍ ጋር በቤርቫልደ ተዋዋለ። ፈረንሳይ በየዓመቱ 400,000 ታለር ትከፍላለች (አገራችን የምታውቀው የማርያ ትሬዛ ብርም የዚሁ የታለር ዘር ነው)፤ ስዊድን ደግሞ 30,000 እግረኛና 6,000 ፈረሰኛ በጀርመን ምድር ታሰልፋለች። ከውሉ አንቀጾች ሁሉ የሚያስደንቀው፣ ንጉሡ በሚይዛቸው ስፍራዎች ቀድሞ የነበረውን የካቶሊክ አምልኮ እንዳይነካ የሚያስገድደው ነው፤ ሪሼሊዮ ሕሊናውንም ሐሜተኞቹንም ያስታገሠው በዚህ ሳይሆን አይቀርም።

እንዲህ ያደረገችውም ፈረንሳይ ብቻ አይደለችም፤ የሳክሶኒው ሉተራን መስፍን በ1620 ካቶሊኩን ንጉሠ ነገሥት ደግፎ የቦሄሚያን ፕሮቴስታንቶች ወግቷል፤ ዋጋውም የላውዚትዝ ግዛት ነበር። ይህ ሁሉ ሲሆን ለተራው ሰው ጦርነቱ የሃይማኖት መሆኑ አልቀረም፤ በ1631 የንጉሠ ነገሥቱ ጦር ፕሮቴስታንቷን ማግደቡርግን ሲያቃጥል 20,000 ያህል ሰው አልቋል።

ስዊድኖች በ1634 በኖርድሊንገን ጦርነት ሲሸነፉ በገንዘብ ብቻ መርዳት አላዋጣም፤ ፈረንሳይም በ1635 በስፔን ላይ ጦርነት አወጀች። በ1648 በሙንስተርና በኦስናብሩክ ሰላም ሲወርድ፣ ለፕሮቴስታንቶች የተሰጠውን መብት ርዕሰ ሊቃነ ጳጳሳት ኢኖሰንት 10ኛ አወገዙ፤ ተዋዋዮቹ ግን እንዲህ ያለ ተቃውሞ ቢነሣ ዋጋ እንዳይኖረው አስቀድመው በውሉ ውስጥ ጽፈውት ነበር።