ከልጅ ጋር ውሃ ውስጥ መጫወት ለወላጅ ምን ይጠቅማል? ጥያቄና መልስ

ሰላም ለሁላችሁ። ፊዚዮቴራፒስት ነኝ፤ ቅዳሜና እሁድ ደግሞ ልጆችን ዋና አስተምራለሁ። ሁልጊዜ የማየው ነገር ይህ ነው፦ ልጆቹ ገንዳው ውስጥ ይንቦጫረቃሉ፣ ወላጆቹ ዳር ላይ ወንበር ስበው ማኪያቶ እየጠጡ ስልክ ይነካካሉ። ሰኞ ሲደርስ እነዚሁ ወላጆች "ወገቤን፣ ጉልበቴን" ይላሉ። ስለዚህ የዛሬው ጥያቄና መልስ ስለ ልጆቹ ሳይሆን ስለ እናንተ ነው። ጠይቁኝ።

ጥያቄ፦ ሰላም ዶክተር። ዋና አልችልም። ከልጄ ጋር ስገባ ቆሜ እሱን ማንሳትና ማስቀመጥ ብቻ ነው። ይሄም ስፖርት ይባላል?

መልስ፦ ዶክተር አይደለሁም፣ እህቴ በይኝ ይበቃል። አዎ፣ ይባላል። ውሃ ከአየር ወደ 800 እጥፍ ገደማ ይከብዳል። ውሃ ውስጥ የምትራመጂው እያንዳንዱ እርምጃ፣ የምትገፊው እያንዳንዱ ክንድ ያን ሁሉ ክብደት እየገፋ ነው። ዝም ብሎ መቆም ግን አይቆጠርም። ውሃው ደረትሽ ላይ እስኪደርስ ግቢና ከልጅሽ ጋር አባሮሽ ተጫወቺ። ማውራት እየቻልሽ መዝፈን ካቃተሽ መጠኑ ልክ ነው ማለት ነው። የዓለም ጤና ድርጅት ለአዋቂ ሰው በሳምንት ከ150 እስከ 300 ደቂቃ መካከለኛ እንቅስቃሴ ይመክራል። አንድ የቅዳሜ ጠዋት ጨዋታ ከዚያ ላይ ጥሩ አድርጎ ይቀንስልሻል።

ጥያቄ፦ 52 ዓመቴ ነው፣ ክብደቴ 80 ኪሎ። ዘግይቼ ነው የወለድኩት፤ ልጄ ገና 4 ዓመቷ ነው። ጉልበቴ ስለሚያመኝ ሜዳ ላይ አብሬያት መሮጥ አልችልም። ውሃው ያዋጣኛል?

መልስ፦ ወንድሜ፣ ይሄ ጥያቄ ለእኔ እንጀራዬ ነው። ውሃ ወደ ላይ ስለሚያነሳህ መገጣጠሚያህ ላይ የሚያርፈው ክብደት ይቀንሳል። ወገብህ ድረስ ከገባህ እግርህ የሚሸከመው ግማሹን ያህል ነው፣ 40 ኪሎ ገደማ። ደረትህ ድረስ ከሆነ ሲሶ አካባቢ። አንገትህ ድረስ ከደረሰ አንድ አሥረኛው ብቻ ይቀራል፣ ማለትም 8 ኪሎ። ሜዳ ላይ ይሄን ያህል የሚያቀልልህ ጫማ አይገኝም።

ለታካሚዎቼ የምሰጠውን አንድ ጨዋታ ልንገርህ። ውሃው ደረትህ ላይ ሲደርስ ቁም። ልጅህ ሁለት እጆችህን ትያዝና በሆዷ ትንሳፈፍ። አንተ ወደ ኋላ እየሄድክ ጎትታት። እሷ "መርከብ ነኝ" ትላለች፤ የአንተ ጭን፣ ዳሌና ወገብ ደግሞ ይሠራሉ። ወደ ኋላ ስትሄድ ውሃው ጀርባህን ስለሚይዝህ ሚዛንህም ይሠለጥናል። ከገንዳው ስትወጣ ግን ተጠንቀቅ። ክብደትህ በአንዴ ይመለሳል፤ ብዙ ሰው ጉልበቱን የሚያመው እዚያች መሰላል ላይ ነው። የብረቱን እጀታ ይዘህ ቀስ ብለህ ውጣ። ጉልበትህ ካበጠ ወይም በማግስቱ ከወትሮው ብሶ ካመመህ ደግሞ መጠኑን ቀንስ።

ጥያቄ፦ በኦፕራሲዮን ከወለድኩ አምስት ሳምንቴ ነው። ከሕፃኗ ጋር መቼ ገንዳ መግባት እችላለሁ? እናቴ "ብርድ ይመታሻል" ብላ ከቤትም አላስወጣ ብላኛለች።

መልስ፦ እንኳን ማርያም ማረችሽ! እናትሽን አትቆጪያት፤ ለጊዜው እሷ ትክክል ናት። ደሙ ሙሉ በሙሉ መቆም አለበት፣ የስፌቱ ቁስልም በደንብ መዝጋት አለበት። በስድስተኛው ሳምንት አካባቢ ሐኪምሽ ጋር ስትሄጂ ጠይቂና ፈቃድ አግኚ። ከዚያ በኋላ ውሃ ለአራስ ገላ ምቹ ነው። ሆድና ወገብ ሳይጨነቁ ትንቀሳቀሻለሽ፤ የላላውም ጡንቻ ቀስ በቀስ ይመለሳል።

ብርዱ የሚያሳስበው ለሕፃኗ ነው። ትንሽ ሕፃን ሙቀቷን ቶሎ ታጣለች። ውሃው 32 ዲግሪ ገደማ ካልሆነ አታስገቢያት። እዚህ ከተማ እንዲህ የሚሞቅ ገንዳ ብዙ አይደለም፤ ስለዚህ ጥቂት ወራት ጠብቂ። እስከዚያው አንቺ ብቻሽን ግቢ፤ አያት ትያዝልሽ።

ጥያቄ፦ ከሥራ ደክሜ ነው የምመጣው። እረፍት ነው እንጂ የሚያስፈልገኝ ሌላ ሥራ አይደለም።

መልስ፦ ስልክ ውሃ ውስጥ አይገባም። የጥቅሙ ግማሽ እሱ ነው። ያንን ሰዓት አለቃህም፣ ቴሌግራምም አያገኙህም። ሌሊት እንዴት እንደምትተኛ ደግሞ አንተው ትነግረኛለህ።

ጥያቄ፦ ለምንድን ነው ውሃ ውስጥ እንደገባሁ ሽንቴ የሚመጣው? አፈርኩ እንጂ ስጠይቅ።

መልስ፦ ምን ያሳፍራል? ውሃው እግርሽንና ሆድሽን ዙሪያውን ይጫናል። ደሙ ወደ ደረት ይገፋል። ልብሽ "ፈሳሽ በዛ" ብላ ለኩላሊት ትነግራለች፣ ኩላሊትም ያስወጣል። ሙሉ ቀን ቆመው ለሚውሉና ማታ እግራቸው ለሚያብጥ ሰዎች ግፊቱ ጥሩ ነው፤ እብጠቱን ያቀልላል። ልብ ድካም ያለበት ሰው ግን በዚሁ ምክንያት ሐኪሙን ሳይጠይቅ አይግባ።

ሽንት ከተነሳ አይቀር፦ ብዙ ሰው ዓይን የሚያቃጥለውን ኃይለኛ ሽታ የንጽሕና ምልክት ያደርገዋል። አይደለም። ያ ሽታ የሚመጣው ክሎሪኑ ከላብና ከሽንት ጋር ሲቀላቀል ነው። ስለዚህ ከመግባታችሁ በፊት ታጠቡ፣ መጸዳጃ ቤትም ሂዱ። ለልጆቹ ብቻ አይደለም የምለው።

ጥያቄ፦ ለበዓል ቤተሰቡን ይዤ ወደ ሐዋሳ ወይም ላንጋኖ ላመራ ነው። ሐይቁ ውስጥ ብንገባስ? ቢልሃርዚያ የሚባለውን ነገር እፈራለሁ።

መልስ፦ መፍራትህ ልክ ነው። ጥገኛ ተውሳኩ ሐይቅ ዳር በሚኖር ቀንድ አውጣ ውስጥ ያድጋል፤ ከዚያ ወደ ውሃው ይወጣና በቆዳ ሰርስሮ ይገባል። ውሃውን መጠጣት አያስፈልገውም፣ እግር ማስገባት ይበቃል። ጣና፣ ዝዋይና ሐዋሳ በሽታው ከተገኘባቸው ሐይቆች ውስጥ ናቸው። በተለይ ሣርና ቄጤማ የበዛበት፣ ጥልቀት የሌለው ዳር አደገኛ ነው። ልጅ ማጫወት የሚያምረን ደግሞ እዚያው ላይ ነው። ከወጡ በኋላ በፎጣ ማሸት መተማመኛ አይሆንም።

በነገራችን ላይ፣ በዚህ በሽታ ላይ የእኛው ሰው ስም አለበት። ዶክተር አክሊሉ ለማ እ.ኤ.አ. በ1964 ዓድዋ ላይ፣ ሰዎች በእንዶድ ልብስ በሚያጥቡበት ወንዝ ዳር የሞቱ ቀንድ አውጣዎች አይተው ነው እንዶድ እንደሚገድላቸው የደረሱበት።

ላንጋኖ ከድሮ ጀምሮ ከቢልሃርዚያ ነፃ ነው እየተባለ ይታወቃል፤ ከሁለቱ ምረጪ ካልከኝ እሱን እመርጣለሁ። ግን ውሃው ቡናማ ነው። ልጅ ትንሽ ዝቅ ካለ አይታይም። ስለዚህ ላንጋኖ ላይ ልጅህን በእጅህ እንጂ በዓይንህ አትጠብቅ። ከዚህ በፊት ሌላ ሐይቅ ገብታችሁ ከሆነ ጤና ጣቢያ ሄዳችሁ ተመርመሩ። ፕራዚኳንቴል የሚባል መድኃኒት አለው፣ ይድናል።

ጥያቄ፦ ሶደሬ ልንሄድ ነው። የደም ግፊት ኪኒን እወስዳለሁ። ፍልውሃው ይስማማኛል?

መልስ፦ ሙቅ ውሃ የደም ሥርን ይከፍታል፣ ግፊት ይወርዳል። ኪኒኑም ያወርዳል። ሁለቱ ሲገናኙ ብድግ ስትል ዓይንህ ይጨልማል። ለብ ያለውን ገንዳ ምረጥ፤ ከ40 ዲግሪ በላይ የሆነውን ተወው። ገብተህ ብዙ አትቆይ፣ ስትወጣ መጀመሪያ ተቀመጥ፣ ውሃ ጠጣ። ነፍሰ ጡርና ትንንሽ ልጆች ግን በጣም ሙቅ የሆነው ጋር አይጠጉ። ቢራውን ደግሞ ለኋላ አቆየው።

ጥያቄ፦ የኛ ሰፈር ውሃ የሚመጣው በፈረቃ ነው። አንቺ ፑል ትያለሽ! እኛ ያለን ሳፋ ነው።

መልስ፦ ተይዣለሁ። እውነቱን ልንገርሽ፣ ሳፋ መገጣጠሚያሽን አያቀልልሽም። ግን ቁጢጥ ብድግ ስትዪ፣ ውሃ ስትቀጂ፣ ስትረጫጩ የሚሠራው ሰውነትሽ ነው፤ የሚስቀውም ጭምር። ፀሐይ የሞቀው ውሃ ይበቃል። ሲያልቅ ውሃውን ለመጸዳጃ ቤት ወይም ለአበባው አድርጊው። አንድ ነገር ግን አደራ፦ የፈረቃ ሰፈር ባልዲና በርሜል ይበዛዋል። ዳዴ የሚል ልጅ ጥቂት ጣት ከፍታ ባለው ውሃም ይሰምጣል። ክዳን የሌለው በርሜል ቤት ውስጥ አይደር።

ጥያቄ፦ ዱባይ ነው የምኖረው። ልጆቼን ባሕር ዳር ይዤ ብወጣ ሙቀቱ ራሱ ይገድለናል።

መልስ፦ በሙቀቱ ወራት ማለዳ ላይ ወይም ፀሐይ ስትጠልቅ ውጡ። ውሃ ውስጥም ይላባል፤ ስለማይታይ ነው የምንረሳው። የመጠጥ ውሃ ያዙ። ጠባቂ ባለበትና ባንዲራ በተሰቀለበት ቦታ ብቻ ግቡ። ወደ ውስጥ የሚጎትት ማዕበል ከያዘሽ ፊት ለፊት አትታገዪው፤ ከዳርቻው ጋር ጎን ለጎን ዋኝተሽ ከወጣሽበት በኋላ ተመለሺ።

ጥያቄ፦ ልጄ ክንዱ ላይ በአየር የሚነፋውን አስሬለት እኔ ዳር ብቀመጥ ምን ችግር አለው? እኔም ዋና አልችልም።

መልስ፦ እሱ መጫወቻ እንጂ ነፍስ አድን አይደለም። ይተነፍሳል፣ ይወልቃል። የዓለም ጤና ድርጅት እ.ኤ.አ. በ2021 በዓለም ላይ ወደ 300 ሺህ ሰው በመስጠም እንደሞተ ይገምታል፤ ከሁሉም የባሰው ከ1 እስከ 4 ዓመት ባሉት ልጆች ላይ ነው። የሚሰምጥ ልጅ ደግሞ እንደ ፊልሙ አይጮኽም፣ እጁንም አያወዛውዝም። ዝም ብሎ ነው የሚወርደው። ለትንሽ ልጅ ደንቡ አንድ ነው፦ እጅህን ስትዘረጋ የምትነካው ቦታ ላይ ይሁን። ልብ ካልክ፣ ወላጅን የሚያሠራውም ይሄው ርቀት ነው። እየተከተልክ፣ እየዞርክ፣ እያነሳህ ነው የምትውለው። አንተ ዋና ስለማትችል እግርህ መሬት ከሚነካበት አትለፍ። ጥልቅ ቦታ ሰው ሲሰምጥ ካየህ ዘለህ አትግባ፤ ገመድ፣ ጎማ፣ ባዶ ጀሪካን ወርውር፣ ጠባቂውንም ጥራ።

ጥያቄ፦ በዋና ልብስ መታየት ያሳፍረኛል። ከወለድኩ በኋላ ሰውነቴ ተለውጧል።

መልስ፦ ታይትና ረጅም እጅጌ ያለው የዋና ቲሸርት ይቻላል። ጥጥ አትልበሺ፣ ውሃ ሲጠጣ ይከብዳል። ገንዳው ውስጥ ከገባሽ በኋላ ከደረት በታች ማንም አያይሽም። ለነገሩ እዚያ ያለነው ሁላችንም ባለቦርጭ ነን።

ጥያቄ፦ ልጄ፣ እኔ አያት ነኝ። 63 ዓመቴ ነው፣ ስኳርም አለብኝ። የልጅ ልጄ "እማማ ነይ ግቢ" እያለ ይለምነኛል። ልግባ ወይስ ይቅርብኝ?

መልስ፦ እማማ፣ ይግቡለት እንጂ! መጀመሪያ ግን ሐኪምዎን ያማክሩ። ኢንሱሊን ወይም ስኳር የሚቀንስ ኪኒን የሚወስዱ ከሆነ ከመግባትዎ በፊት ስኳርዎን ይለኩ፤ ባዶ ሆድዎን አይግቡ፣ ከረሜላም ዳር ላይ ይቀመጥልዎ። እግርዎ ላይ ቁስል ካለ እስኪድን ይቆዩ። የስኳር ሕመም እግርን ስለሚያደነዝዝ ቢቆረጡም ላይሰማዎት ይችላል፤ ስለዚህ የማያንሸራትት የውሃ ጫማ ያድርጉ፣ ሲወጡ ደግሞ በጣቶችዎ መካከል ሳይቀር በደንብ ያድርቁ። ለመጀመሪያ ቀን ሩብ ሰዓት ይበቃዎታል። ዳሩን ይዘው ወዲህ ወዲያ ይበሉ። የልጅ ልጅዎ ለመርጨት መፍጠኑ አይቀርምና ሌላ ትልቅ ሰው አብሮ ይግባ፤ እሱን የሚይዘው ያ ሰው ይሁን፣ እርስዎ ዳሩን አይልቀቁ።