መልስ፦ የጥንቱን ተራ ሰው ኑሮ ለተማሪ እንዴት ላስረዳ?

ወንድሜ፣ ተማሪዎችህ ከነገሥታት ስም ውጪ የመካከለኛው ዘመን ኑሮ አልገባ ብሏቸው ከሆነ ከወጥ ድስት ጀምር። በርበሬና በቆሎ ከኮሎምበስ ጉዞ (1492 እ.ኤ.አ.) በኋላ ከአሜሪካ የመጡ ናቸው፤ ስለዚህ በዐፄ ዘርዓ ያዕቆብ ዘመን (1434–1468 እ.ኤ.አ.) በበርበሬ የቀላ ወጥ የሚባል ነገር የለም! እኔ እዚህ ጅማ ይህን ስነግራቸው ክፍሉ በጩኸት ይሞላል፣ «ታዲያ ምን ይበሉ ነበር?» ይላሉ፣ ያኔ ጆሯቸውን አገኘህ ማለት ነው።

ከዚያ አሞሌ ጨው ፈልግና በእጃቸው አስይዛቸው። ክብደቱን ይመዝኑት። ከአፋር በረሃ በግመልና በበቅሎ ተጭኖ የሚመጣ ገንዘብ ነበር፣ ከተሸረፈ ዋጋው ይወርዳል። በ1520ዎቹ (እ.ኤ.አ.) የመጣው ፖርቹጋላዊው ቄስ አልቫሬዝም ጨው ገንዘብ እንደነበር ጽፏል። እዚሁ ሂርማታ ገበያ በጅማው ንጉሥ በአባ ጅፋር ጊዜም ሰው በአሞሌ ይገበያይ ነበር፤ ይህን ሳትነግራቸው እንዳትወጣ።