ፎስፊን የትኛው ነው? የላብራቶሪው ወይስ የነቀዙ?

ጥያቄ፦ ሰላም ለዝግጅት ክፍሉ፣ ከጅማ ነው የምፅፍላችሁ፣ የኬሚስትሪ ማስተርስ ተማሪ ነኝ። አድቫይዘሬ ፎስፊን ሊጋንድ (ብረት ላይ የሚጣበቅ ሞለኪውል) ያላቸው የፓላዲየም ብረት ኮምፕሌክሶች ላይ ስራ ብሎኛል። ይሄንን ቤት ሳወራ አባቴ ክው አለ፣ "ፎስፊን ማለት የበቆሎው የነቀዝ ክኒን የሚያወጣው ጋዝ አይደል እንዴ፣ ሰው የሚጨርሰው" አለኝ። እሽጉን ሳነበው እውነትም ፎስፊን ይላል። አንድ ስም እንዴት ለሁለቱም ይሆናል? ደሞ አንዳንድ ፔፐር ላይ "ፎስፌን" ብለው ነው የሚፅፉት፣ እሱስ ሌላ ነገር ነው?

መልስ፦ ወንድሜ፣ አባትህም ልክ ናቸው አድቫይዘርህም ልክ ነው። ፎስፊን የሚለው ቃል በኬሚስትሪ ውስጥ በጠባቡም በሰፊውም ስለሚሰራ ነው ነገሩ የተምታታው። በጠባቡ ሲሆን አንድ የታወቀ ነገር ነው፣ አንድ የፎስፈረስ አተም ሶስት ሃይድሮጅን ይዞ፣ ቀለም የሌለው መርዛማ ጋዝ። ፈረንሳዊው ፊሊፕ ዣንጃምብር በ1783 (እዚህ ያሉት ዓመቶች ሁሉ እንደ ፈረንጆቹ ናቸው) ፎስፈረስን ከፖታሽ ጋር አፍልቶ ያገኘው እሱን ነው። በሰፊው ሲሆን ግን ከነዚያ ሶስት ሃይድሮጅኖች አንዱ ወይ ሁለቱ ወይ ሶስቱም በካርቦን ግሩፕ የተተኩበት ውህድ ሁሉ ፎስፊን ይባላል፣ ያንተ ሊጋንድ ከዚህኛው ወገን ነው።

ናይትሮጅን ላይ እንዲህ አይነት ጣጣ የለም። ሃይድሮጅን ብቻ የያዘው አሞኒያ ነው፣ ሃይድሮጅኑ በካርቦን ሲተካ አሚን ይሆናል፣ ስማቸው ተለያየ አለቀ። ፎስፈረስ ጋ ስንመጣ ጋዙም ፎስፊን፣ ከሱ የወጡትም ፎስፊን። "ፎስፌን" የሚለው አይዩፓክ (የኬሚካል ስሞችን መመሪያ የሚያወጣው ዓለም አቀፍ ማህበር) የሚመርጠው ስም ነው፣ በ2013ቱ የስም አወጣጥ መመሪያው ላይም እሱ ነው የተቀመጠው፣ ትርጉሙ ግን ያው ነው፣ የድሮው ስም አፍ ላይ ስለቀረ ሁለቱም ይፃፋል። ቴሲስህ ላይ አንዱን ምረጥና እስከ መጨረሻው በሱ ፃፍ።

አሁን ለአባትህ የምታሳየው ነገር ልስጥህ። ላብ ውስጥ መጀመሪያ የምታገኘው ትራይፌኒልፎስፊን ነው የሚሆነው፣ ሶስቱም ሃይድሮጅን በቤንዚን ቀለበት (የመኪናው ነዳጅ አይደለም፣ ስድስት ካርቦን ክብ የሰሩበት ግሩፕ ነው) የተተካበት። ነጭ ክሪስታል ነው፣ የሚቀልጠው 80 ዲግሪ አካባቢ ነው፣ ጓንት አድርገህ ጠረጴዛ ላይ በአየር ውስጥ ትመዝነዋለህ፣ ምንም አይሆንም (ሶሉሽን ውስጥ አሟምተህ አየር ላይ ካቆየኸው ግን ቀስ እያለ ኦክስጅን ይይዝና ፎስፊን ኦክሳይድ ይሆንብሃል)። ጋዙ ደሞ የሚፈላው ከዜሮ በታች 88 ዲግሪ አካባቢ ነው፣ ማለትም ክፍል ውስጥ ሁሌም ጋዝ ሆኖ ነው ያለው። እንዲህ ሰማይና ምድር ናቸው። ግን "ኦርጋኒክ ከሆነ አያስፈራም" ብለህ እንዳታስብ፣ ትራይሜቲልፎስፊን ለምሳሌ በ40 ዲግሪ አካባቢ የሚፈላ፣ ሽታው የሚከረፋ፣ አየር ሲነካው በራሱ የሚነድ ፈሳሽ ነው። እያንዳንዱን በየስሙ ሴፍቲ ዳታ ሺቱን ሳታነብ ጠርሙሱን እንዳትከፍት።

ሊጋንድ ለምን ሆነ ላልከው (ባትጠይቀኝም ይሄ ነው ዋናው ደስ የሚለው ነገር) ፎስፈረሱ ላይ ለብረቱ የሚሰጠው የኤሌክትሮን ጥንድ አለው፣ ዙሪያው ያሉትን ሶስት ግሩፖች በመቀያየር ደሞ ምን ያህል አጥብቆ እንደሚሰጥና ምን ያህል ቦታ እንደሚይዝ አንተ ትወስናለህ። የዱፖንት ኩባንያው ኬሚስት ቻድዊክ ቶልማን ይሄን ቦታ በማዕዘን ለካው፣ ሊጋንዱን ብረቱ ላይ እንደተዘረጋ ጃንጥላ አስበውና የጃንጥላው ስፋት ማለት ነው፣ ትራይሜቲሉ 118 ዲግሪ፣ ትራይፌኒሉ 145፣ ትራይ ተርት ቡቲሉ 182 ይደርሳል። ጃንጥላው ሲሰፋ ብዙ ሊጋንድ ብረቱን መክበብ ስለማይችል ቦታ ይለቃል፣ በዛ በተለቀቀው ቦታ ነው ሪአክሽኑ የሚሰራው። የዊልኪንሰን ካታሊስት (ሪአክሽን የሚያፋጥን ነገር) የሚባለው ሮዲየም የተባለው ብረት ሶስት ትራይፌኒልፎስፊን የያዘ ሲሆን የሚሰራው አንዱን ጥሎ ነው። በ2010 ኖቤል ያገኙት የሄክ፣ የነጊሺና የሱዙኪ የፓላዲየም ሪአክሽኖችም በአብዛኛው ከፎስፊን ጋር ነው የሚሰሩት፣ ያንተም ስራ ከዚህ ቤት ነው።

ሌላ አንድ ነገር፣ አሚን ላይ ያሉት ሶስት ግሩፖች እንደ ነፋስ ይገለባበጣሉ፣ ፎስፊን ግን በክፍል ሙቀት እንዲህ በቀላሉ አይገለበጥም፣ ስለዚህ ሶስቱ ግሩፖች የተለያዩ ከሆኑ ፎስፈረሱ ራሱ እንደ ግራና ቀኝ እጅ ሁለት መልክ ይኖረዋል። ዊሊያም ኖውልስ ሞንሳንቶ ኩባንያ ውስጥ በዚህ ተጠቅሞ ለፓርኪንሰን በሽታ የሚሰጠውን ኤል ዶፓ ትክክለኛውን መልክ ብቻ ነጥሎ የሚያመርትበትን መንገድ ሰራ፣ በ2001 ኖቤል ተካፈለበት። ትራይፌኒልፎስፊን ከሊጋንድነትም ውጪ የቪቲግ ሪአክሽን (ሁለት ካርቦኖችን በድርብ ቦንድ የሚያያይዝ) መነሻ ነው፣ የጀርመኑ ኩባንያ ባስፍ ቫይታሚን ኤ የሚያመርተው በሱ ነው። አባትህን እንግዲህ ይሄ ስም መድኃኒትም ሲሰራበት ኖሯል በላቸው።

ኬሚካል ስታዝዝ ደሞ ፊደሉን ሁለቴ እየው እባክህ። ትራይፌኒል ፎስፊን፣ ትራይፌኒል ፎስፋይት፣ ትራይፌኒል ፎስፌት፣ ሶስቱም የሚሸጡ ናቸው። ፎስፊኑ ላይ ካርቦኑ ፎስፈረሱን በቀጥታ ይነካል፣ ሌሎቹ ላይ መሀል ኦክስጅን ገብቷል፣ ፎስፌቱ ላይ እንዲያውም አራተኛ ኦክስጅን ተጨምሯል፣ እሱ ፕላስቲክ በእሳት ቶሎ እንዳይያያዝ የሚጨመር ነገር ነው። ፎስፋይቱ በ25 ዲግሪ ፈሳሽ ስለሆነ ጠርሙሱ ውስጥ የሚንቦጫረቅ ነገር ካየህ ያዘዝከው አይደለም የመጣው።

ጥያቄ፦ ቬነስ ላይ ፎስፊን ተገኘ ሲባል ሰምቼ ነበር፣ ህይወት አለ ማለት ነው? የትኛው ፎስፊን ነው? (ከአዲስ አበባ)

መልስ፦ ጋዙ ነው። በመስከረም 2020 እንደ ፈረንጆቹ፣ የካርዲፍ ዩኒቨርሲቲዋ ጄን ግሪቭስና ባልደረቦቿ ሀዋይና ቺሊ ባሉ ቴሌስኮፖች በቬነስ ደመና ውስጥ ምልክቱን አየን አሉ፣ መሬት ላይ ኦክስጅን የሌለበት ቦታ ያሉ ረቂቅ ህዋሳት ያወጡታል ስለሚባል ነው ወሬው የሞቀው። ሌሎች ዳታውን እንደገና ሲሰሩት መጠኑ ወረደ፣ ጭራሽ የለም ያሉም አሉ፣ ክርክሩ አላለቀም። ጁፒተርና ሳተርን ላይ ግን ያለምንም ህይወት ከውስጥ ባለው ሙቀትና ግፊት እንደሚሰራ ይታወቃል፣ ስለዚህ ፎስፊን ስለተገኘ ብቻ ህይወት አለ አይባልም።

ጥያቄ፦ ጤና ይስጥልኝ፣ የምፅፈው ከሻሸመኔ ነው፣ የልጆች እናት ነኝ። ስንዴና በቆሎ ከጓዳ ቀጥሎ ባለው ክፍል አስቀምጠን ነቀዝ ፈጀው። ነጋዴው የነቀዝ ክኒን ሸጦልኝ "ከማላታይኑ ዱቄት ጋር አንድ ነው፣ ሁሉም የፎስፈረስ ነው፣ ችግር ቢመጣ ሆስፒታል ማርከሻ መርፌ አለው" አለኝ። ልጆቹ የሚተኙት ከግድግዳው ወዲህ ነው። እውነት ነው?

መልስ፦ እህቴ፣ እውነት አይደለም፣ ክኒኑን ገና ካልከፈቱት አይክፈቱት። ከፍተው እህሉ ውስጥ አድርገውት ከሆነ ይሄን ማንበብ ትተው አሁኑኑ ልጆቹን ይዘው ከቤቱ ይውጡ፣ በርና መስኮት መክፈት የሚቻል ከሆነ ከውጭ ሆናችሁ ክፈቱ እንጂ እህሉ ያለበት ክፍል አትግቡ፣ ክኒኑን ለማውጣት ብላችሁ እህሉን አታገላብጡ፣ ውሃም አታፍሱበት፣ ውሃ ጋዙን ያባብሰዋል። ራስ ምታት፣ ማቅለሽለሽ፣ ደረት መጨነቅ፣ ትንፋሽ ማጠር ያለው ሰው ካለ በቀጥታ ሆስፒታል።

ክኒኑ አሉሚኒየም ፎስፋይድ ነው። እህሉ ውስጥና አየሩ ውስጥ ያለችውን ትንሽ እርጥበት ሲያገኝ ፎስፊን ጋዝ ይለቃል፣ ባለ 3 ግራሙ ክኒን 1 ግራም ጋዝ ያወጣል። ትንሽ ይመስላል አይደል? ሶስት በአራት ሜትር የሆነች የተዘጋች ክፍል ውስጥ ያቺ አንዷ ክኒን ብቻ ከሚሊዮን የአየር እጅ ከ20 በላይ ታደርሰዋለች፣ አሜሪካ ውስጥ በህግ ለሰራተኞች የተቀመጠው የ8 ሰዓት ገደብ ግን 0.3 ነው። ጋዙ ከአየር ትንሽ ይከብዳል፣ በግድግዳ ስንጥቅ፣ በበር ስር፣ በኮርኒስ ያልፋል። ሽታው ያስጠነቅቀኛል ብለውም አይመኑ፣ ነጭ ሽንኩርት ወይ የተበላሸ አሳ የሚሸተው አብረውት ያሉ ቆሻሻዎች ናቸው እንጂ ንፁሁ ፎስፊን አይሸትም።

ማላታይንና አክቴሊክ ዱቄቶቹ ሌላ ናቸው፣ ኦርጋኖፎስፌት ከሚባሉት ወገን ናቸው። እነሱ የነርቭ ስራ የሚያስተካክለውን ኢንዛይም ነው የሚይዙት፣ የተመረዘው ሰው ምራቅና ላብ ይበዛበታል፣ የአይኑ ብሌን ይጠባል፣ ለዚህ አትሮፒን የሚባል መርፌ አለ፣ ነጋዴው የሰማው ይሄን ይሆናል። ፎስፊን ጋዝ ግን ህዋሳት በኦክስጅን የሚጠቀሙበትን ቦታ ነው የሚዘጋው፣ ልብና ደም ግፊትን ነው የሚጥለው፣ ማርከሻ የለውም፣ ሐኪሞች የሚችሉት አካሉን መደገፍ ነው። ስለዚህ እግዚአብሔር አያድርገውና ከአሁን በኋላ በቤትም በጎረቤትም እንዲህ ያለ ነገር ቢያጋጥም "የፎስፈረስ መድኃኒት ነው" ብቻ ብላችሁ እንዳትቀሩ፣ ዱቄት ነው ወይስ ክኒን የሚለውን ለሐኪሙ ተናገሩ፣ እሽጉ ወይ ቆርቆሮው በእጅ ካለ ይዛችሁ ሂዱ፣ እሱን ፍለጋ ግን ተመልሳችሁ ክፍሉ እንዳትገቡ።

ክኒኑ ለመጋዘን ነው የተሰራው፣ ሰው በማያድርበት፣ ጋዝ በማያሳልፍ ሸራ ተሸፍኖ፣ በሰለጠነ ባለሙያ፣ ከዛም በደንብ ተናፍሶ። ለቤት የሚሆነው ፒክስ የሚባለው ሶስት ድርብ ከረጢት ነው፣ ውስጥ ሁለት ወፍራም ፕላስቲክ፣ ውጪው ማዳበሪያ። እህሉን በደንብ ፀሀይ ላይ አድርቀው ይሙሉት፣ አየሩን ጨምቀው አንድ በአንድ አፉን አጥብቀው ይሰሩት፣ ውስጥ ያለው ነቀዝ ኦክስጅኑን ይጨርስና መብላትም መራባትም ያቆማል፣ ምንም መርዝ የለውም። ስንዴውንና በቆሎውን እዚህ ውስጥ ያድርጉ፣ ጤፍም ካለዎት እሱ በነቀዝ አይደፈርም፣ ባለበት ይቆይ። ክኒኑን የአካባቢዎን የግብርና ባለሙያ ጠርተው ያስረክቡ፣ ሽንት ቤት እንዳይጥሉት፣ እዛ እርጥበት አለ።