ታሪካችሁን ፈርማችሁ አትስጡ፦ ጀርመን ውስጥ ፊልም ለምትመኙ

ልጃችሁ «ፊልም ልጽፍ፣ ልተውን» ሲል «ይሄ ደግሞ ምን ሥራ ነው» ብላችሁ የምታሸማቅቁ ወላጆች፣ እስቲ የጀርመናዊውን ኮሜዲያንና የፊልም አዘጋጅ የሚካኤል ሄርቢግን መንገድ ተመልከቱ። እ.ኤ.አ. በ1968 ሙኒክ ተወልዶ እናቱ ብቻዋን ያሳደገችው ልጅ ነው። የከተማው ፊልም ትምህርት ቤት አልተቀበለውም። የፎቶግራፍ ሙያ ተማረ፤ ሬዲዮ ገብቶ አጫጭር ኮሜዲ ሠራ፤ ከ1997 እስከ 2002 በፕሮዚበን ቴሌቪዥን የራሱን ዝግጅት ይዞ ቆየ። በ2001 ከባልደረቦቹ ጋር ጽፎ፣ ሁለት ገጸ ባሕርይ ተጫውቶ፣ ራሱ አዘጋጅቶና ፕሮዲዩስ አድርጎ ያወጣው «ዴር ሹ ዴስ ማኒቱ» የተባለ ኮሜዲ ፊልም በጀርመን ሲኒማ ቤቶች ከ10 ሚሊዮን በላይ ተመልካች አገኘ። እናንተም ይህን መንገድ የምትመኙ ከሆነ እነዚህን ያዙ፦

1. ወረቀት፦ መኖሪያ ፈቃዳችሁ የግል ሥራ መፍቀዱን ሳታረጋግጡ ደረሰኝ ቆርጣችሁ ገንዘብ አትቀበሉ።

2. ሙያ፦ የሙኒክ፣ የፖትስዳም፣ የሉድቪግስቡርግና የበርሊን ፊልም ትምህርት ቤቶች የሚቀበሉት ጥቂት ሰው ነው። መልስ ስትጠብቁ ዓመት አታቃጥሉ። «ሜዲየንጌሽታልተር ቢልድ ኡንድ ቶን» የሚባለው አውስቢልዱንግ (እየሠሩ የሚማሩት የምስልና ድምፅ ሙያ ሥልጠና) 3 ዓመት ይፈጃል፤ ካሜራ፣ ድምፅና ኤዲቲንግ እየተማራችሁ ይከፈላችኋል።

3. መብት፦ አንጀቴን የሚያሳርረው ይሄ ነው። ሊቢያንና ባሕሩን አቋርጦ የመጣ ልጅ፣ ካሜራ የያዘ ሰው በትሕትና ስላናገረው ብቻ የሕይወቱን ታሪክ ዘርግፎ፣ በጀርመንኛ የተጻፈ ወረቀት ሳያነብ ይፈርማል። ፊልሙ ሲወጣ ስሙም ክፍያውም የለም። ያላነበባችሁትን ለምን ትፈርማላችሁ? የጀርመን ሕግ እኮ ለጸሐፊ ያደላል! የድርሰት መብት ራሱ አይሸጥም፤ የምትሰጡት የመጠቀሚያ ፈቃድ ነው፣ ለእሱም ተመጣጣኝ ክፍያ መጠየቅ ትችላላችሁ። ሐሳብን ብቻውን ግን ሕጉ አይጠብቅላችሁም። ስለዚህ ከማውራታችሁ በፊት ጻፉ፦ መጀመሪያ ታሪኩን በአጭሩ የሚያስተዋውቅ ጥቂት ገጽ ኤክስፖዜ፣ ቀጥሎ ታሪኩን ትዕይንት በትዕይንት የሚያስኬድ ትሪትመንት፣ ከዚያ ሙሉ ስክሪፕት። ስትልኩ በኢሜይል ይሁን፣ ቀኑ ማስረጃ ይሆናችኋል። ውሉ ላይ ሲኒማ፣ ቴሌቪዥን፣ ስትሪሚንግና ተከታታይ ድራማ ለየብቻ ይጻፉ፤ ለስንት ዓመት፣ ለየትኞቹ አገሮች፣ ስማችሁስ የት እንደሚወጣ። «ሁሉም መብት፣ ያለ ጊዜ ገደብ» የሚል ካያችሁ እስክሪብቶውን አስቀምጡ።

በግላችሁ የምትጽፉ ከሆነ ክዩንስትለርሶዚያልካሴ (በግል ለሚሠሩ አርቲስቶችና ጸሐፊዎች የተቋቋመው የማኅበራዊ መድን ተቋም) ተመዝገቡ፤ የጤናና የጡረታ መዋጮውን ግማሽ ያህል ይሸፍንላችኋል። በዓመት ከ3,900 ዩሮ በላይ ገቢ ይጠይቃል፣ ጀማሪን ግን የመጀመሪያዎቹን 3 ዓመታት በዚህ አይከለክልም። ተዋናይ ግን ለቀረጻ ቀናቱ በአብዛኛው ተቀጣሪ ነው፤ መድኑን አሠሪው መክፈል ሲገባው «ደረሰኝ አምጣ» ከተባላችሁ «ለምን አልተቀጠርኩም?» ብላችሁ ጠይቁ።

«ለጠበቃ ገንዘብ የለኝም» አትበሉኝ። ገቢያችሁ ዝቅተኛ ከሆነ፣ ከሃምቡርግና ከብሬመን በቀር፣ ውሉንና የገቢ ማስረጃችሁን ይዛችሁ የሰፈራችሁ አምትስገሪሽት (የአካባቢ ፍርድ ቤት) ሂዱና «ቤራቱንግስሂልፈሻይን» የሚባለውን የሕግ ምክር ድጋፍ ወረቀት ጠይቁ። ከተሰጣችሁ ጠበቃው ለምክሩ ከእናንተ የሚጠይቀው ቢበዛ 15 ዩሮ ነው። የምትሄዱት ግን ከመፈረማችሁ በፊት ነው።