መልስ፦ በ«ስፓርታከስ» ኢትዮጵያዊ ሆኖ የተወነው ሰው

ከሱሉልታ የጠየቁን ወንድማችን፣ ስለ ጥንታዊ ሮማ ባሪያ ተፋላሚዎች በሚተርከው «ስፓርታከስ» ፊልም ኢትዮጵያዊውን ድራባን ሆኖ የሚተውነው ረጅም ሰው የአገራችን ልጅ ነው ወይ፣ ቁመናውስ እርስዎ በየማለዳው በሱሉልታ ሜዳ ሲሮጡ እንደሚያዩአቸው ልጆች ከስፖርት የመጣ ነው ወይ ብለዋል።

ሰውየው ዉዲ ስትሮድ ይባላል፤ እ.ኤ.አ. በ1914 ሎስ አንጀለስ የተወለደ አሜሪካዊ ነው። ስፖርተኛነቱ ግን እውነት ነው። በዩኒቨርሲቲ ሳለ ከኬኒ ዋሽንግተንና ከጃኪ ሮቢንሰን ጋር የአሜሪካን እግር ኳስ ተጫውቷል፤ በ1946 ደግሞ እሱና ዋሽንግተን ለሎስ አንጀለስ ራምስ ክለብ ፈርመው፣ ለጥቁሮች ከአሥር ዓመት በላይ ተዘግቶ የቆየውን የአገሪቱን ዋና የአሜሪካን እግር ኳስ ሊግ አስከፍተዋል። እዚያ ብዙም ሳይቆይ ወደ ካናዳ ተሻግሮ በ1948 ከካልጋሪ ክለብ ጋር ዋንጫ አንሥቷል፤ በትግል ስፖርትም ተዳድሯል።

ድራባ ሆኖ የሚታየው ለጥቂት ደቂቃ ነው፤ ንግግሩም እምብዛም ነው። ሆኖም ስፓርታከስን አሸንፎ ባለሦስት ጣቱን ጦር ጉሮሮው ላይ ከደቀነ በኋላ፣ ግደለው ሲባል እምቢ ብሎ ጦሩን ተመልካቾቹ ሮማውያን ወዳሉበት ሰገነት ሲወረውርና ወደ ላይ ሊወጣባቸው ሲንጠላጠል፣ የአትሌት ሰውነት ምን እንደሚያደርግ በግልጽ ይታያል። በዚህ ሚና ለጎልደን ግሎብ ሽልማት ታጭቷል። በእኔ አስተያየት ግን ችሎታው ይበልጥ የሚለካው፣ «ስፓርታከስ» በወጣበት በዚያው በ1960 በወጣውና ጆን ፎርድ ባዘጋጀው «ሳጅን ረትሌጅ» ነው፤ በዚያ ፊልም በሐሰት የተከሰሰውን ጥቁር ወታደር ሆኖ ዋናውን ገጸ ባሕርይ ተጫውቷል።