ከኮሌጅ ቅርጫት ኳስ ወደ ኤንቢኤ፦ የወላጆችና የወጣት ተጫዋቾች ጥያቄዎች ከነመልሶቻቸው

ልጆቻቸው በአሜሪካ ኮሌጆች ቅርጫት ኳስ የሚጫወቱ ወላጆች፣ እንዲሁም ራሳቸው ወጣቶቹ፣ ከኮሌጅ ወደ ፕሮፌሽናል ጨዋታ ስለመሻገር ለላኩልኝ ጥያቄዎች ከዚህ በታች መልስ ሰጥቻለሁ። ድራፍት የሚባለው የኤንቢኤ (የአሜሪካ ፕሮፌሽናል ሊግ) ቡድኖች አዳዲስ ተጫዋቾችን በየዓመቱ በተራ የሚመርጡበት ሥርዓት ነው። ዓመቶቹ በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ጥያቄ፦ ወንድሜ፣ ጤና ይስጥልኝ። ልጄ 20 ዓመቱ ነው፤ የኮሌጅ ሁለተኛ ዓመቱን ጨርሷል። ጓደኞቹ ስምህን ለድራፍት አስመዝግብ እያሉ ይገፋፉታል። ተመዝግቦ ሳይመረጥ ቢቀር ከሁለት ያጣ ይሆንብኛል ብዬ እንቅልፍ አጥቻለሁ። (እናት፣ ከሜሪላንድ)

መልስ፦ እህቴ፣ ስጋትዎ ይገባኛል፤ ይሁን እንጂ ስም ማስመዝገብና ኮሌጅ መልቀቅ የተለያዩ ነገሮች ናቸው። አንድ ተማሪ ስሙን ካስመዘገበ በኋላ በየትኛው ዙር ሊመረጥ እንደሚችል ከኤንቢኤ አማካሪ ኮሚቴ ግምገማ ጠይቆ፣ በቡድኖች ፊት ተፈትኖ፣ በግንቦት ወር ቺካጎ የሚካሄደው የተጫዋቾች መመዘኛ በተጠናቀቀ በ10 ቀን ውስጥ ስሙን ካነሳ፣ ወደ ኮሌጁ ተመልሶ መጫወት ይችላል። ያ ቀን ካለፈ ግን በመደበኛው ደንብ የኮሌጅ ጨዋታ መብቱ ያበቃል። ስለዚህ ቀኑን ጽፈው ማቀዝቀዣው በር ላይ ይለጥፉት።

የዛክ ኢዲን ጉዳይ ቢያዩ ይረጋጋሉ። ካናዳዊው ኢዲ ቅርጫት ኳስ የጀመረው በአሥራዎቹ ዕድሜ አጋማሽ ላይ ነው፤ ፐርዱ ዩኒቨርሲቲ ሲገባም ብዙ የተወራለት ተጫዋች አልነበረም። በ2023 የአገሪቱ ምርጥ የኮሌጅ ተጫዋች ተብሎ ከተሸለመ በኋላ እንኳ ስሙን አስመዝግቦ፣ ተፈትኖ፣ በመጨረሻ ስሙን አንስቶ ተመለሰ። በቀጣዩ ዓመት ሽልማቱን ደገመው፤ ቡድኑንም ለአገር አቀፉ የፍጻሜ ጨዋታ አደረሰ፤ በ2024 ድራፍት ደግሞ ሜምፊስ በ9ኛ ተራ መረጠው። ልጅዎ ይመዝገብ፤ የሚነገረውን ግምገማም እርስዎ አብረውት ተቀምጠው ያዳምጡ። ግምገማው መጥፎ ቢሆን እንኳ በሚቀጥለው ክረምት ምን ላይ መሥራት እንዳለበት ከዚያ የተሻለ የሚነግረው የለም።

ጥያቄ፦ ለድራፍት ለመቅረብ ዕድሜ ስንት መሆን አለበት? ለሴት ልጆችስ?

መልስ፦ ወንዶች ድራፍቱ በሚካሄድበት ዓመት ውስጥ ቢያንስ 19 ዓመት የሚሞላቸው፣ አሜሪካ ውስጥ የተማሩ ከሆነም ከሁለተኛ ደረጃ ከተመረቁ ቢያንስ አንድ ዓመት ያለፋቸው መሆን አለባቸው። ብዙዎች አንድ ዓመት ብቻ ተጫውተው ከኮሌጅ የሚወጡት በዚህ ምክንያት ነው። በሴቶች ሊግ ደንቡ የኮሌጅ ዘመንን እንዲጨርሱ ያዘነብላል፤ አንዲት የአሜሪካ ተማሪ በዚያው ዓመት 22 የምትሞላ ወይም የምትመረቅ መሆን ይጠበቅባታል።

ጥያቄ፦ በአማካይ በጨዋታ 18 ነጥብ አስቆጥራለሁ። እስካሁን አንድም የኤንቢኤ መልማይ አላነጋገረኝም። ምን ጎደለኝ?

መልስ፦ ወንድሜ፣ 18 ነጥብ በላብ የተገኘ ነው፤ ማንም እንዲያሳንስብህ አትፍቀድ። መልማዮች ግን ከነጥቡ ይልቅ ኳሱ በሌላ ሰው እጅ ሲሆን ምን እንደምትሠራ ነው የሚያዩት። በአንድ የኤንቢኤ ቡድን ውስጥ ኳሱን ይዘው ጨዋታውን የሚመሩት ሁለት ወይም ሦስት ሰዎች ናቸው፤ እነዚያን ቦታዎች ደግሞ በዓመት በአሥር ሚሊዮኖች ዶላር የሚከፈላቸው ተጫዋቾች ይዘዋቸዋል። አዲስ ገቢ የሚፈለገው ጥግ ላይ ቆሞ የመጣለትን ኳስ ሳያመነታ እንዲወረውርና የተሰጠውን ሰው እንዲጠብቅ ነው።

ሜዳውም ይለያል። በወንዶች ኮሌጅ ጨዋታ የሦስት ነጥብ መስመሩ 6.75 ሜትር ሲርቅ በኤንቢኤ ፊት ለፊት 7.24 ሜትር ይደርሳል፤ ለአንድ ጥቃት የሚፈቀደው ጊዜ ከ30 ሰከንድ ወደ 24 ይወርዳል፤ የጨዋታው ርዝመት ከ40 ደቂቃ ወደ 48፣ የዓመቱ ጨዋታ ብዛትም ከ35 ገደማ ወደ 82 ያድጋል። ከዚህ ሁሉ በላይ የመከላከልን ሥራ የሚለውጠው የሦስት ሰከንድ ደንብ ነው። በኮሌጅ ረጅሙ ተጫዋች ቅርጫቱ ሥር እንደ ዘብ ቆሞ የሚታለፉ ጓደኞቹን ይሸፍናል፤ በኤንቢኤ ግን አጠገቡ የሚጠብቀው ሰው ከሌለ ከሦስት ሰከንድ በላይ እዚያ መቆም አይችልም። ስለዚህ አንተ ከታለፍክ ቅርጫቱ ሥር ማንም ላይኖር ይችላል።

አንድ ነገር በራስህ ቪዲዮ ላይ ተመልከት። ባላጋራህ ኳስ ይዞ ሲመጣ ረጅሙ ጓደኛው ስክሪን ሠርቶለት (ማለትም በሰውነቱ ተከላካዩን ዘግቶለት) ወደ ቅርጫቱ ይሮጣል። በዚያች ቅጽበት በተቃራኒው ጥግ ያለው ተከላካይ የራሱን ሰው ትቶ ወደ መሐል መግባት፣ ሯጩን በደረቱ ማቆም፣ ኳሱ ወደ ጥግ ሲወረወር ደግሞ ተመልሶ እጁን መዘርጋት አለበት። ይህ ሁሉ በሁለት ሰከንድ ገደማ ያልቃል። በአንድ ጨዋታ ውስጥ ስንት ጊዜ እንደዘገየህ ቁጠር፤ የመልማዩን ዝምታ ብዙውን ጊዜ የሚያስረዳው ያ ቁጥር ነው።

ጥያቄ፦ በድራፍት ያልተመረጠ ልጅ ታሪኩ አበቃ ማለት ነው?

መልስ፦ በፍጹም አላበቃም። ድራፍቱ ሁለት ዙር ብቻ ያለው ሲሆን ሲሞላ 60 ሰው ይወስዳል። በመጀመሪያው ዙር የተመረጠ የሁለት ዓመት ደመወዙ የተረጋገጠ ነው፤ በሁለተኛው ዙር የተመረጠ ግን በደንብ የተረጋገጠለት ነገር የለም፤ ውሉን ተደራድሮ ያገኛል። በዚህም ምክንያት በሁለተኛው ዙር ማብቂያ ላይ ከመመረጥ ይልቅ ሳይመረጡ ቀርተው የሚበጃቸውን ቡድን ራሳቸው መምረጥን የሚመርጡ አሉ፤ እኔም ብዙ ጊዜ የተሻለ ውሳኔ ሆኖ አገኘዋለሁ።

ያልተመረጠ ተጫዋች በሐምሌ ላስ ቬጋስ በሚካሄደው ሰመር ሊግ በተባለው አጭር ውድድር ራሱን አሳይቶ ከሁለት ዓይነት ውል አንዱን ሊያገኝ ይችላል። አንደኛው እያንዳንዱ ቡድን ለሦስት ሰዎች የሚሰጠው ባለ ሁለት መንገድ ውል ነው፤ ተጫዋቹ በጂ ሊግ (ከኤንቢኤ ሥር ባለው የተጫዋቾች ማሳደጊያ ሊግ) እየተጫወተ በዋናው ቡድን እስከ 50 ጨዋታ ሊሰለፍ ይችላል። ሁለተኛው የጂ ሊግ መደበኛ ውል ነው። በ2024–25 የመጀመሪያው 578,577 ዶላር ሲያስገኝ ሁለተኛው ለሲዝኑ 43,000 ዶላር ነበር። ቤተሰብ ይህን ልዩነት አስቀድሞ ማወቅ አለበት፤ ምክንያቱም በ43,000 ዶላር የሚኖር ልጅ ለቤተሰቡ ገንዘብ መላክ ቀርቶ ራሱን ለመቻል ይቸገራል።

ፍሬድ ቫንቭሊት በዊቺታ ስቴት አራት ዓመት ተጫውቶ በ2016 ማንም አልመረጠውም። ፓስካል ሲያካም ከካሜሩን መጥቶ፣ በኒው ሜክሲኮ ስቴት ተጫውቶ፣ በዚያው ዓመት በ27ኛ ተራ ተመረጠ። ሁለቱም ቶሮንቶ ገብተው የጂ ሊጉን ቡድን ማልያ ለብሰዋል፤ ሲያካም በ2017 የጂ ሊግ ፍጻሜ ምርጥ ተጫዋች ነበር። በ2019 ሁለቱም የኤንቢኤ ሻምፒዮን ሆኑ። ወደ ጂ ሊግ መውረድን እንደ ውርደት የሚቆጥር ወላጅ ይህን ደጋግሞ ቢያስብ ደስ ይለኛል።

ጥያቄ፦ አሁን ኮሌጆች ራሳቸው ይከፍላሉ ይባላል። ታዲያ መቆየት አይሻልም?

መልስ፦ ለብዙዎች ይሻላል። ተማሪዎች ከሐምሌ 2021 ጀምሮ በስማቸውና በምስላቸው ገንዘብ ማግኘት ተፈቅዶላቸዋል፤ ከ2025 ጀምሮ ደግሞ በፍርድ ቤት በጸደቀ ስምምነት ዩኒቨርሲቲዎች በቀጥታ እየከፈሉ ነው። በ2021 የውጭ አገር ወጣቶችን ጨምሮ ጊዜያቸው ሳይደርስ ቀድመው ለድራፍት የተመዘገቡት 353 ነበሩ፤ በ2025 ወደ 106 ወርደዋል። በሁለተኛው ዙር እንደሚመረጥ የተነገረው የ20 ዓመት ልጅ ኮሌጁ ጥሩ ክፍያ ካቀረበለት አንድ ዓመት ቢቆይ እመክራለሁ። ነገር ግን በየዓመቱ የሚቆይ ልጅ ዕድሜም እንደሚቆጠርበት አይዘንጋ፤ ቡድኖች የ23 ዓመት ልጅን እንደ 19 ዓመት ልጅ ገና ያድጋል ብለው አይጠብቁትም።

በተማሪ ቪዛ ያለ ልጅ ግን ጉዳዩ ሌላ ነው። የተማሪ ቪዛ ሥራን በጥብቅ ስለሚገድብ፣ አሜሪካ ውስጥ ማስታወቂያ ሠርቶ መከፈል የመኖሪያ ፈቃዱን አደጋ ላይ ሊጥል ይችላል። ምንም ከመፈረሙ በፊት የኢሚግሬሽን ጠበቃ ያነጋግር።

ጥያቄ፦ ጋሼ፣ ሐዋሳ ነው ያለሁት። 17 ዓመቴ ነው፣ ቁመቴ 2 ሜትር ከ2 ነው። አንድ ሰው ገንዘብ ከከፈልክ አሜሪካ ትምህርት ቤት አስገባሃለሁ አለኝ።

መልስ፦ ልጄ፣ ገንዘቡን አትስጥ። በእውነት የሚፈልግህ አሰልጣኝ ቪዲዮህንና የትምህርት ማስረጃህን ይጠይቅሃል። በትልቁ የኮሌጅ ምድብ ለመጫወት በሁለተኛ ደረጃ 16 ዋና ዋና የትምህርት ኮርሶችን ማለፍና ከ4 ነጥብ ቢያንስ 2.3 አማካይ ውጤት ማምጣት ያስፈልጋል፤ ከሁለተኛ ደረጃ ከወጡ በኋላ ብዙ ዓመት መቆየትም የመጫወቻ ዓመታትን ያስቀንሳል። ስለዚህ ከሁሉ በፊት እንግሊዝኛህንና ሒሳብህን አጥብቅ።

ከአህጉራችን የሚነሳ መንገድም አለ። ካማን ማሉዋች ደቡብ ሱዳን ተወልዶ ኡጋንዳ አደገ፤ ሴኔጋል፣ ሳሊ ወደሚገኘው የኤንቢኤ አካዳሚ ገባ፤ በአፍሪካ ቅርጫት ኳስ ሊግ ተጫወተ፤ በ2024 ለአገሩ በፓሪስ ኦሊምፒክ ተሰለፈ፤ ዱክ ዩኒቨርሲቲ አንድ ዓመት ቆይቶ በ2025 ድራፍት በ10ኛ ተራ ተመረጠ። ያየው ሰው ስለነበረ ነው፤ አንተም በየውድድሩ መታየት አለብህ። ሙሉ ጨዋታ አስቀርጽ፤ ጥሩ ጥሩውን ብቻ ቆራርጠህ አትላክ።

ጥያቄ፦ ወንድሜ ኮሌጅ ጨርሶ ከአንድ የአውሮፓ ክለብ ውል ቀርቦለታል። ምን እንጠንቀቅ?

መልስ፦ በአውሮፓ ብዙ ክለቦች ከደመወዙ ሌላ ቤትና የመኪና መጠቀሚያ ይሰጣሉ፤ የወኪሉንም ክፍያ ብዙ ጊዜ ክለቡ ይሸፍናል። የተለመደው ችግር ደመወዝ መዘግየት ነው። ውሉ ላይ የተጻፈው ደመወዝ ከግብር በኋላ መሆኑን፣ ሲጎዳ ሕክምናው በማን እንደሆነ፣ ክፍያ ከስንት ቀን በላይ ቢዘገይ ለቅቆ መሄድ እንደሚችል በግልጽ ይጻፍ። በተጨማሪም ክርክር ቢነሳ ጉዳዩ ለፊባ (ለዓለም አቀፉ የቅርጫት ኳስ ፌዴሬሽን) የቅርጫት ኳስ የግልግል ዳኝነት እንደሚቀርብ የሚገልጽ አንቀጽ ይግባበት። ይህ አካል ከ2007 ጀምሮ የሚሠራ ሲሆን ውሳኔውን የማያከብር ክለብ አዲስ የውጭ ተጫዋች እንዳያስመዘግብ ሊታገድ ይችላል። አንቀጹን አናስገባም ካሉ ወንድምህ አይፈርም።