ከካሜራው ጀርባ ወደ ፊቱ

ጥያቄ፦ ጋሼ፣ በርሊን ነው የምኖረው። ሦስት ዓመት ሁለተኛ የካሜራ ረዳት ሆኜ ሠርቻለሁ። ክላፐር (የትዕይንቱ ቁጥር የተጻፈበትን ሰሌዳ) እመታለሁ፣ ሌንስ አቀብላለሁ፣ ተዋናዩ የሚቆምበትን ወለሉ ላይ በፕላስተር ምልክት አደርጋለሁ። ልቤ ግን ትወና ላይ ነው። ባልደረቦቼ ሰምተው ሳቁብኝ። ጀርመን ውስጥ እንዲህ ያደረገ ሰው አለ? ልምዴስ ይጠቅመኛል?

መልስ፦ አለ እንጂ፣ ያውም ትልቅ ሰው! ካርል ፍሮይንድ ይባላል። ቦሄሚያ ተወልዶ በርሊን ያደገ ካሜራማን ነው። እ.ኤ.አ. በ1924 ለዳይሬክተሩ ሙርናው ፊልም «የመጨረሻው ሰው» ካሜራውን ገላው ላይ አስሮ፣ በብስክሌት የሆቴሉን አዳራሽ እያቋረጠ የቀረጸ ጉደኛ ነው። በዚያው ዓመት ዴንማርካዊው ዳይሬክተር ድሬየር በርሊን ላይ «ሚካኤል» የሚል ፊልም ሲሠራ ደግሞ ፍሮይንድ ቀረጻውን ይዞ፣ በዚያ ላይ የሥዕል ነጋዴ ሆኖ ተወነ። ቦርጩም ሳይረዳው አልቀረም። ግን አልዋሽሽም፤ ተመልሶ ካሜራው ጋ ነው የሄደው።

በትወናው የዘለቀ ከፈለግሽ ዩርገን ፕሮኽኖቭ አለልሽ። እሱ ካሜራ ሳይሆን ዱሰልዶርፍ ቴአትር ቤት መብራት ይሠራ ነበር። ኤሰን ከተማ ፎልክቫንግ የሚባል የጥበብ ትምህርት ቤት ገብቶ ትወና ተማረ። እ.ኤ.አ. በ1981 «ዳስ ቦት» ፊልም ላይ የባሕር ሰርጓጁ ካፒቴን እሱ ነው።

ልምድሽማ ይጠቅማል። እኔ ባቤልስበርግ የፊልም ስቱዲዮ ፎከስ ስይዝ አንድ ተዋናይ ምልክቱን አራት ጣት ያህል አለፈ። ሌንሱ 85 ሚሊሜትር ነው፣ አፐርቸሩ (የሌንሱ ብርሃን ማስገቢያ) ወለል ብሎ ተከፍቷል፤ ጥርት ብሎ የሚታየው ትንሽ ቦታ ብቻ ነው። ምስሉ ላይ ዓይኑ ደብዝዞ ጆሮው ጠራ። ሰው ሁሉ ዞሮ ያየው ግን እኔን! አንቺ ያንን ፕላስተር ስንቴ ለጥፈሻል። እግርሽን ሳታዪ ቦታሽን ታገኛለሽ።

የምሰጋው ሌላ ነው። አንዴ የአስተናጋጅ ሚና ሰጡኝ። ዳይሬክተሩ «ምን ላይ ነው ያፈጠጥከው?» አለኝ። ለካ ሌንሱ ፊት ያለው ፊልተር ላይ የጣት አሻራ አይቼ፣ ማን ይጥረገው እያልኩ ነው! ይሄ አመል ቶሎ አይለቅም፤ የማታ የትወና ትምህርት ያስፈልግሻል።

ሥራሽን አሁን አትልቀቂ። ቀረጻ ላይም ዳይሬክተሩን ሚና ስጠኝ እንዳትዪው፣ ቡና ሲጠጣም ቢሆን። ሁለት አጫጭር ትዕይንት ተወኚና አስቀርጺ። በቂ ሥራ ሲኖርሽ የጀርመን መንግሥትን የአርቲስቶች ሥራ አገናኝ፣ ZAV የሚባለውን፣ ጠይቂ። ኮሚሽን አይወስድም። ባልደረቦችሽም ይሳቁ፤ በካሜራ የሚቀርጹሽ እነሱው ናቸው።